ድመቷ ሌሊቱን የት ታድራለች? ስለ ድመት የዕለት ኑሮ ተደጋግመው የሚጠየቁ ጥያቄዎች

ዳለቻ የምትባል ግራጫ ድመት አለችኝ፤ ዘንድሮ ዘጠኝ ዓመቷ ነው። ቤቴ የሚመጣ እንግዳ ሁሉ መጀመሪያ እሷን ያያል፣ ከዚያ ይጠይቃል። ጥያቄዎቹ ተመሳሳይ ናቸው። ብዙዎቹ ከጥርጣሬ ጋር ይመጣሉ፤ ድመት ከሃዲ ናት፣ ድመት ሰይጣን ታያለች፣ ድመት ፍቅር አታውቅም። እኔ ከእሷ ጋር በኖርኩባቸው ዓመታትና ተመራማሪዎች ከጻፉት የተረዳሁት ሌላ ነው። ድመት ከእኛ ጋር አንድ ጣሪያ ሥር ብትኖርም እኛ የማንሰማውን ትሰማለች፣ የማናሸተውን ታሸታለች፣ እኛ ስንተኛ ትነሳለች። ግራ የሚያጋባን ጠባይዋ አብዛኛው ከዚህ የሚመጣ ነው። ከዚህ በታች የተጠቀሱት ዓመታት በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ድመቴ ሲመሽ ወጥታ ሲነጋ ትመለሳለች። ሌሊቱን የት ነው የምትሄደው?

ከምናስበው በጣም ቅርብ ናት። በ2013 በእንግሊዝ አገር፣ ሰሪ በሚባለው አውራጃ ውስጥ በምትገኘው ሻምሊ ግሪን በተባለች መንደር፣ 50 ድመቶች አንገታቸው ላይ የጂፒኤስ መሣሪያ ታስሮላቸው ውሏቸውና አዳራቸው ተመዝግቦ ነበር። ለአንዳንዶቹም ትንሽ ካሜራ ተንጠለጠለላቸው። በ2020 የታተመ ሰፋ ያለ ጥናት ደግሞ በስድስት አገሮች የሚኖሩ 925 የቤት ድመቶችን ተከታትሎ፣ አብዛኞቹ ጊዜያቸውን ከቤታቸው 100 ሜትር ሳይርቁ እንደሚያሳልፉ አሳየ። የሚዘዋወሩበት ቦታ በአማካይ 3.6 ሄክታር ገደማ ነበር። አንዱን ጥማድ ሩብ ሄክታር ብንለው አሥራ አራት ጥማድ ያህል መሬት ማለት ነው። ያልተኮላሹት ከተኮላሹት የበለጠ ይርቃሉ።

በዚያች መቶ ሜትር ውስጥ ምን ይሠራሉ? አብዛኛውን ጊዜ ይቀመጣሉ። አንድ ሌሊት መብራት ጠፍቶ፣ እንቅልፍም እምቢ ብሎኝ በረንዳ ላይ ተቀምጬ ዳለቻን በዓይኔ ተከተልኳት። ሙሉ ጨረቃ ነበረች። በአጥሩ ቆርቆሮ ጫፍ ላይ አንዲት ድምፅ ሳታሰማ ተራምዳ የጎረቤት ማድ ቤት ጣሪያ ላይ ወጣች። ከታች የማገዶ ክምር አለ። ጆሮዎቿን ወደዚያ ክምር አዙራ፣ ጅራቷን በእግሮቿ ላይ ጠቅልላ ቁጭ አለች። ከአንድ ሰዓት በላይ ከዚያ ንቅንቅ አላለችም። መሐል ላይ አንድ ትልቅ ቢጫ ወንድ ድመት በአጥሩ ሌላኛው ጫፍ ብቅ አለ። ተያዩ። ወንዱ እንዳላየ ሆኖ ፊቱን አዞረና ተቀመጠ። እሷ ወርዳ በሌላ በኩል እስክትሄድ ድረስ ጠበቀ፤ ከዚያ በመንገዱ ቀጠለ።

ይህ ድንገት የሆነ ነገር አይደለም። ድመቶች አንዱን አጥርና አንዱን ጣሪያ በሰዓት ይከፋፈሉታል። ጉንጫቸውን በግንድ፣ በበር ጠርዝና በማዕዘን ላይ ሲያሹ፣ ጥፍራቸውን በእንጨት ሲሞርዱ፣ ሽንታቸውን ግድግዳ ላይ ሲረጩ ማን እንዳለፈና መቼ እንዳለፈ የሚናገር ሽታ ይተዋሉ። ቀጥሎ የሚመጣው አሽትቶ ያውቃል። ከእኛ ዓይን የተሰወረው የሌሊት ኑሯቸው ትልቁ ክፍል ይህ የሽታ ደብዳቤ ነው ብዬ አምናለሁ።

ሌላም ነገር አለ። በሻምሊ ግሪን ካሜራዎቹ ካሳዩት ውስጥ ድመቶች ሰው ቤት ዘልቀው የሌላ ድመት ምግብ ሲበሉ ይገኝበታል። የእኔዋንም ደርሼባታለሁ። ሁለት ቤት አልፎ የሚኖሩ አንድ እማማ ሚሚ ይሏታል፤ ጠዋት ጠዋት እንጀራቸውን ሲያወጡ ከአጠገባቸው አትጠፋም። ለአራት ዓመት ያህል የእሳቸው ድመት መስላቸው ኖረዋል።

ቀኑን ሙሉ የምትተኛው ሰንፋ ነው?

አይደለም። ድመት በቀን ከ12 እስከ 16 ሰዓት ብትተኛ ጤነኛ ናት። የምታድነው አይጥና ወፍ የሚንቀሳቀሱት ጎህ ሲቀድና ጀምበር ስትጠልቅ ስለሆነ ሰውነቷ ጉልበቱን ለእነዚያ ሰዓቶች ያስቀምጣል። ከሌሊቱ አሥራ አንድ ሰዓት ላይ ደረትዎ ላይ ወጥታ ፊትዎን በመዳፏ ብትነካካ፣ ለእሷ የሥራ ሰዓት ደርሷል።

ሙቀት የምትወድበትም ምክንያት አለው። ድመት ራሷን ለማሞቅም ሆነ ለማቀዝቀዝ ጉልበት የማታወጣው አየሩ ከ30 እስከ 38 ዲግሪ ሴልሺየስ ሲሆን ነው። አዲስ አበባ ወይም ደብረ ብርሃን ለምትኖር ድመት ይህ የሚገኘው የት እንደሆነ እናቶቻችን ያውቃሉ፤ እንጀራ ተጋግሮ ሲያልቅ ምድጃው ጥግ፣ አመዱ ገና ሳይበርድ። አያቴ ቤት የነበረችው ድመት የመጨረሻው እንጀራ ሲወጣ ከየትም ትመጣ ነበር፤ ምጣዱ ሲበርድ ጠብቃ አክንባሎው ላይ ክብ ሠርታ ትተኛለች።

ግድግዳውን ወይም ኮርኒሱን ትኩር ብላ የምታየው ሰይጣን አይታ ነው ይባላል። እውነት ነው?

የምታየው ሳይሆን የምትሰማው ነው። የሰው ጆሮ ቢበዛ እስከ 20 ሺህ ሄርዝ ድረስ ይሰማል፤ የድመት ጆሮ እስከ 64 ሺህ ሄርዝ ይደርሳል። አይጦች እርስ በርስ የሚጠራሩበት ድምፅ እኛ ከምንሰማው በላይ ነው። ከኮርኒሱ በላይ አንዲት እናት አይጥ ግልገሎቿን ስትጠራ እኛ ቡናችንን እንጠጣለን፤ ድመቷ ግን ሁሉንም ትሰማለች። እያንዳንዱን ጆሮዋን ለብቻው እንዴት እንደምታዞር ልብ ብለው ይመልከቱ። መጀመሪያ አንዱ ይዞራል፣ ቀጥሎ ሌላው፣ ከዚያ ራሷ፣ በመጨረሻ ዓይኗ።

በጨለማ ዓይኗ የሚያበራውም ከዓይኗ ጀርባ እንደ መስታወት ብርሃን የሚመልስ ሽፋን ስላለ ነው። እኛ ለማየት ከሚያስፈልገን ብርሃን ስድስት እጅ ያነሰ ይበቃታል። ፍጹም ጨለማ ውስጥ ግን እሷም አታይም፤ ያን ጊዜ የምትመራው በጢሟ ነው።

ጥቁር ድመት መጥፎ ዕድል ታመጣለች?

አታመጣም። ጥቁረት የፀጉር ቀለም ነው። በዚህ ምክንያት በድንጋይ የሚባረሩ ድመቶችን ባየሁ ቁጥር አዝናለሁ።

ስትደባበስ የምታሰማው ድምፅ ምንድን ነው?

አያቴ «ዳዊት እየደገመች ነው፣ አትረብሻት» ትለኝ ነበር። ከዚያ የተሻለ ስም እስካሁን አላገኘሁለትም። ድምፁ የሚወጣው ከጉሮሮዋ ሲሆን አየር ስታስገባም ስታስወጣም አይቋረጥም። በ2023 የታተመ ጥናት በድመት የድምፅ አውታሮች ውስጥ የተቀበሩ ትራስ መሰል የሥጋ ጉብታዎች እንዳሉና ይህን የመሰለ ዝቅተኛ ድምፅ ለማውጣት እንደሚረዱ አሳይቷል።

ሁልጊዜ የደስታ ምልክት ነው ብለው ግን እንዳይዘናጉ። የተጎዳች፣ ምጥ የያዛትና በሞት አፋፍ ላይ ያለች ድመትም ዳዊቷን ትደግማለች። ምግብ ስትፈልግ ደግሞ ሌላ ዘዴ አላት። በሰሴክስ ዩኒቨርሲቲ ካረን ማኮምብና ባልደረቦቿ በ2009 እንዳሳተሙት፣ የተራበች ድመት በዚያ ዝቅተኛ ድምፅ ውስጥ ከሕፃን ልቅሶ ጋር የሚቀራረብ ቀጭን ድምፅ ትጨምርበታለች። ድመት አሳድገው የማያውቁ ሰዎች እንኳን ይህን ሲሰሙ አጣዳፊ ነገር እንዳለው ለይተዋል።

«ሚያው» የሚለውም ለእኛ የተቀመጠ ቋንቋ ነው። ግልገሎች እናታቸውን ለመጥራት ይጠቀሙበታል፤ ያደጉ ድመቶች ግን እርስ በርስ «ሚያው» የሚባባሉት ከስንት አንዴ ነው።

ጠግባ እያለች ለምን አይጥ ታድናለች? የገደለችውንስ ለምን እግሬ ሥር ታስቀምጣለች?

«ድመት መንኩሳ አመሏን አትረሳ» የሚለው ተረት ይህን ጠባይ በደንብ ያውቀዋል። በድመት ጭንቅላት ውስጥ የረሃብና የአደን ስሜት የተለያዩ ናቸው። እስኪርባት ድረስ ከቆየች ብዙ ጊዜ ባዶ እጇን ትመለሳለችና፣ ዕድሉ ሲመጣ ሳትበላም ታድናለች። ስለዚህ «ከራባት ታድናለች» ብሎ ድመትን ማስራብ ጭካኔ ብቻ ነው፤ ጉልበት ያላት ድመት ከደከመችው የተሻለ አዳኝ ናት።

ይዛ መምጣቷ የሚገርም አይደለም። ድመት ያደነችውን ወደምትተማመንበት ቦታ ይዛ ትሄዳለች፤ እናት ድመትም ለግልገሎቿ መጀመሪያ የሞተ፣ ቀጥሎ በሕይወት ያለ አይጥ እያመጣች ታስተምራቸዋለች። እርስዎ እግር ሥር ካስቀመጠችው ቤትዎን ተማምናበታለች። አትቆጧት፤ ሳታይ አንስተው ይጣሉት።

አንድ ነገር አጥብቄ እለምናለሁ። ድመት ባለበት ሠፈር የአይጥ መርዝ አያስቀምጡ። መርዝ የበላ አይጥ ይዝላል፣ የዛለውን አይጥ ደግሞ መጀመሪያ የምትይዘው ድመት ናት። ውስጧ ደም እየፈሰሰ ለቀናት ተሠቃይታ ልትሞት ትችላለች።

ምን ላብላት? እኛ የምንበላው አይበቃትም?

አይበቃትም፤ በዚህ ገጽ ላይ አንድ መልስ ብቻ የሚያነቡ ከሆነ ይህን ያንብቡ። ድመት ሥጋ በል ናት፤ ምርጫም የላትም። ታውሪን የተባለ ንጥረ ነገር ለልቧና ለዓይኗ ያስፈልጋታል፤ ሰውነቷ ግን በበቂ መጠን ሊሠራው አይችልም። የሚገኘው ከሥጋና ከዓሣ ነው። በ1987 ተመራማሪዎች እንዳረጋገጡት ታውሪን ያነሳት ድመት ልቧ እየሰፋና እየደከመ ይሄዳል። እንጀራ በሽሮ ሆዷን ይሞላል እንጂ ልቧን አያድንም። በዚያ ላይ ሽንኩርትና ነጭ ሽንኩርት የድመትን ቀይ የደም ሴል ያፈርሳሉ። የእኛ ወጥ ደግሞ ሳይቁላላ የሚጀመር የለም።

የጾም ነገርም አለ። ሁዳዴ 55 ቀን ነው። ቤቱ ሁሉ ጾሞ ማድ ቤቱ ከሥጋና ከወተት ሲጸዳ ድመቷም አብራ ትጾማለች፤ እሷ ግን የጾም ሥርዓት የተሠራላት ፍጥረት አይደለችም። በእኛ ቤት ለዳለቻ ለብቻዋ ድስት አላት። ከሥጋ ቤት ሳምባ፣ ሲገኝም ልብ ተገዝቶ ያለ ጨውና ያለ ቅመም ይቀቀልላታል። መረቁን አንደፋውም፤ ታውሪን ሲቀቀል ወደ ውኃው ስለሚወጣ አብረን እንሰጣታለን። ጥሬ ሳምባና ጥሬ ሥጋ የጥገኛ ተውሳክ መተላለፊያ ስለሆነ አልሰጥም። የተቀቀለ እንቁላልና አጥንቱ የወጣለት ዓሣም ጥሩ ነው።

ወተት ግልገሎች ከእናታቸው ይጠባሉ፤ ያደገች ድመት ግን ብዙ ጊዜ የላም ወተት ያስቀምጣታል። ንጹሕ ውኃ ይበቃታል። ጣፋጭ ነገር ከንቱ ነው። በ2005 በፊላደልፊያ የሚገኘው የሞኔል ማዕከል ተመራማሪዎች ድመት ጣፋጭን የምትቀምስበት ዘረመል እንደማይሠራ አግኝተዋል። ስኳርን አታውቀውም።

ፓራሲታሞል በጭራሽ አይስጡ። ለእኛ ራስ ምታት የምንውጠው አንድ ኪኒን ድመትን ይገድላል።

«ውሻ ሰውን፣ ድመት ቤቱን ትወዳለች» ይባላል። ድመት ባለቤቷን ታውቃለች?

ታውቃለች። በጃፓን አጹኮ ሳይቶና ባልደረቦቿ በ2019 እንዳሳተሙት፣ ድመቶች ስማቸውን ከሌሎች ተመሳሳይ ቃላት ለይተው ያውቃሉ፤ የማያውቁት ሰው ሲጠራቸው እንኳ ጆሯቸውን ያዞራሉ። አልመጡም ማለት አልሰሙም ማለት አይደለም። በዚያው ዓመት ኦሪገን ስቴት ዩኒቨርሲቲ በተደረገ ጥናት ደግሞ ግልገል ድመቶች ከአሳዳጊያቸው ጋር ለጥቂት ደቂቃ ተለይተው ሲገናኙ፣ 64 በመቶ ያህሉ ሰውየውን ሰላምታ ሰጥተው ተረጋግተው ወደ ጨዋታቸው ተመለሱ። ሕፃናት ከወላጆቻቸው ጋር የሚያሳዩት መተማመን ነው።

አባባሉ ከምንም አልተነሣም። ድመት የምታውቀውን ሽታ ሁሉ ባንድ ቀን ብታጣ ትደናገጣለች፤ ቤት ሲቀየር ወደ ድሮው ሠፈር የምትመለሰው ለዚህ ነው። አዲስ ቤት ሲገቡ የምትተኛበትን ጨርቅ ሳያጥቡ ይዘውላት ይሂዱ፣ ሁለትና ሦስት ሳምንትም በር ዘግተው ያቆዩአት።

ፍቅር መለዋወጥ ከፈለጉ ዓይኗን እያዩ የእርስዎን ዓይን ቀስ አድርገው ጨፈን፣ ቀስ አድርገው ከፈት ያድርጉ። በ2020 የታተመ ጥናት ድመቶች ለዚህ በተመሳሳይ መንገድ እንደሚመልሱ አሳይቷል። ዳለቻ ከመስኮቱ ደፍ ላይ ሆና ትመልስልኛለች። የመጀመሪያውን ቀን አልረሳውም።

የሰው እጅ የምትለምደው ግን በዋናነት ከተወለደች ከሁለተኛው እስከ ሰባተኛው ሳምንት ባለው ጊዜ ነው። በዚያ ጊዜ ማንም ያልነካት ግልገል ስታድግ ሰው ብትሸሽ ጥፋቱ የእሷ አይደለም።

ሌሊት እንደ ሕፃን የሚያለቅሱት ለምንድን ነው?

ለስሪያ ነው። የድመት የስሪያ ወቅት በቀን ርዝመት ይወሰናል። በአውሮፓ ክረምት ቀኑ ሲያጥር ያቆማሉ፤ ለምድር ወገብ ቅርብ በሆነው አገራችን ግን ቀንና ሌሊቱ ብዙ ስለማይለያይ ዓመቱን ሙሉ ሊዋለዱ ይችላሉ። እርግዝናው ሁለት ወር ገደማ ነው፤ የአንድ ጊዜ ግልገሎችም የተለያየ አባት ሊኖራቸው ይችላል። ግልገሎች በጆንያ ታስረው ሜዳ ላይ ሲጣሉ ማየት ለማንፈልግ ሁሉ መፍትሔው የእንስሳት ሐኪም ዘንድ ወስዶ ማምከን ነው።

ድመት ዘጠኝ ነፍስ አላት?

አንድ ናት ያላት። ስትወድቅ በእግሯ የምታርፈው በአየር ላይ መጀመሪያ የፊት ግማሽ አካሏን፣ ቀጥሎ የኋላውን ስለምታዞር ነው። ፈረንሳዊው ኢትየን ዡል ማሬ በ1894 በተከታታይ ፎቶግራፍ አሳይቶታል። በ1987 የታተመ የኒው ዮርክ ጥናት ከፎቅ ወድቀው ሕክምና ከመጡ 132 ድመቶች 90 በመቶው መትረፋቸውን ዘግቧል፤ እዚያው የሞቱት ግን ወደ ሐኪም አልመጡም። የኮንዶሚኒየም አራተኛ ፎቅ ላይ ከሆኑ መስኮትዎን በወንፊት ሽቦ ይሸፍኑ።

ድመት ለነፍሰ ጡር ሴት አደገኛ ናት? ከነከሰችኝስ?

ቶክሶፕላዝማ የተባለው ተውሳክ በድመት ዓይነ ምድር ይወጣል፤ ለጽንስም አደገኛ ነው። ድመቷ ግን ተውሳኩን የምታስወጣው ብዙውን ጊዜ መጀመሪያ ስትያዝ ለአንድና ለሁለት ሳምንት ያህል ነው፤ ከወጣም በኋላ ሰው ለመያዝ ቢያንስ አንድ ቀን ይፈጅበታል። ስለዚህ ዓይነ ምድሩ በየቀኑ ይጸዳ፣ የሚያጸዳውም ሌላ ሰው ይሁን። ጥሬ ሥጋ፣ ያልበሰለ ክትፎና በደንብ ያልታጠበ ሰላጣም ተውሳኩን ያስተላልፋሉ፤ ነፍሰ ጡሯ ድመቷን አስወጥታ ክትፎ ብትበላ ምንም አልተረፋትም።

ንክሻ ቀላል ነገር አይደለም። ድመትም የእብድ ውሻ በሽታ ይይዛታል። ቁስሉን ወዲያው በውኃና በሳሙና ለ15 ደቂቃ አጥበው በዚያው ቀን ጤና ጣቢያ ይሂዱ። በሽታው ምልክት ካሳየ በኋላ የሚያድን መድኃኒት የለም፤ ባህላዊ መድኃኒት ሲፈልጉ የሚያልፈው ጊዜ ነፍስ ያስከፍላል። ድመትዎንም ያስከትቡ።

«አቢሲኒያን» የሚባለው የድመት ዘር የእኛ ነው?

ስሙ የእኛ ነው። በ1868 የእንግሊዝ ጦር ከመቅደላ ሲመለስ ዙላ የምትባል ድመት ወደ እንግሊዝ እንደተወሰደች ይተረካል፤ ሥዕሏም በ1874 በታተመ መጽሐፍ ላይ ወጥቷል። ዙላ ጦሩ ያረፈበት የቀይ ባሕር ወደብ ስም ነው። የዘረመል ጥናቶች ግን የዘሩን ምንጭ ወደ ሕንድ ውቅያኖስ ዳርቻና ወደ ደቡብ ምሥራቅ እስያ ያመለክታሉ። ለእኛ የሚቀርበው ሌላ ዝምድና ነው። የዓለም የቤት ድመት ሁሉ ቅድመ አያት የአፍሪካ የዱር ድመት ስትሆን ዛሬም በአገራችን ቆላና ቁጥቋጦ ውስጥ ትኖራለች። ቆጵሮስ ውስጥ ከሰው ጋር ተቀብራ የተገኘችው ድመት 9,500 ዓመት ገደማ ሆኗታል።

ድመቴ ከጠፋች ሦስት ቀን ሆናት። ልትሞት ሄዳ ይሆን?

የታመመች ድመት ትሸሸጋለች፤ አቅም ባጣችበት ሰዓት ማንም እንዳያገኛት ነው። መሸሸጓ ግን ሞት አይደለምና አይጠብቁ፣ ይፈልጉ። ከቤትዎ መቶ ሜትር ውስጥ ይጀምሩ። ሲመሽ፣ ሠፈሩ ጸጥ ሲል፣ ምግቧን በምትበላበት ሳህን ላይ እያንኳኩ በስሟ ይጥሩ፤ ከዚያ ዝም ብለው ያዳምጡ። የተቆለፉ መጋዘኖችን፣ የማገዶ ቤቶችን፣ የቆሙ መኪናዎችን ሥርና በሠፈሩ ያለ ጉድጓድ ሁሉ ያስከፍቱ፣ ያብሩ። ስትገኝ ውኃና ትንሽ በትንሽ ምግብ ይስጧትና ወደ ሐኪም ይውሰዷት፤ ለተከታታይ ቀናት ያልበላች ድመት ጉበቷ ይጎዳል።

ዳለቻ ባለፈው ክረምት አራት ቀን ጠፍታ ነበር። እነዚያ እማማም አላዩአትም። በአራተኛው ቀን ማታ ዝናቡ ሲያባራ ሳህኗን እያንኳኳሁ አጥር ለአጥር ስሄድ ቀጭን ድምፅ ሰማሁ። የሚገነባ ቤት ያላቸው ጎረቤቴ ሲሚንቶ ያስቀመጡበትን ክፍል ቆልፈው አገር ቤት ሄደው ነበር። ቁልፉን ከልጃቸው ተቀብዬ ስከፍት ሙሉ በሙሉ ነጭ ሆና፣ በጆንያዎቹ ላይ ቆማ ጠበቀችኝ። በማግስቱ ርቀቱን በእርምጃ ለካሁት፤ ከቤቴ በር እስከዚያ ክፍል በር 40 ሜትር እንኳ አይሞላም።